ጽንሱ ከሳምንቱ አንሷል ሲባል፦ በማህፀን የተገታ ዕድገትና የልጁ አስተዳደግ

የበኩር እናት (አዲስ አበባ) — የመጀመሪያ ልጥፍ

ጤና ይስጥልኝ፣ የመድረኩ ተሳታፊዎች። የመጀመሪያ እርግዝናዬ ነው፤ አሁን 33ኛ ሳምንት ላይ እገኛለሁ። ከ30ኛው ሳምንት ወዲህ የደም ግፊቴ ከፍ ማለት ጀምሯል። በቅርቡ በተነሣሁት አልትራሳውንድ ደግሞ የጽንሱ የሆድ ዙሪያ ከሳምንቱ በታች እንደ ሆነ፣ የተገመተው ክብደትም ከ10ኛው ፐርሰንታይል በታች እንደ ወረደ፣ የጭንቅላቱ ልክ ግን ደህና እንደ ሆነ ተነገረኝ። ሐኪሜ «ዕድገቱ እየተገታ ይመስላል» ብለው ዶፕለር የሚባል ምርመራ አዘዙልኝ፤ በሳምንት ሁለት ጊዜ እየመጣሁ እንድታይም ነገሩኝ። ወረፋ የሚጠብቁ እናቶች ብዙ ስለ ነበሩ ከዚህ በላይ ለመጠየቅ አልተመቸኝም።

ቤት ከደረስኩ በኋላ የምሰማው ሁሉ እርስ በርሱ ይጋጫል። አማቴ ልጆቻቸውን በሙሉ ትንንሽ አድርገው እንደ ወለዱና ለምጥም እንደሚቀል ይነግሩኛል፤ አንዲት የሥራ ባልደረባዬ በመጾሜ ያመጣሁት እንደ ሆነ ታስባለች፤ ሌላዋ ደግሞ ትንሽ ሆኖ የተወለደ ልጅ ትምህርት አይዘልቀውም ብላ አስደነገጠችኝ። ስለዚህ የምታውቁትን እንድታካፍሉኝ እለምናለሁ። በዚህ የእኔ ጥፋት አለበት ወይ? ልጁ መወለድ ያለበት መቼ ነው? ከተወለደ በኋላስ በአእምሮውና በሰውነቱ ላይ ምን ይከተላል?

የማህፀንና ጽንስ ሐኪም (ሐዋሳ)

እኅቴ፣ የእርስዎን ሐኪም ውሳኔ ከዚህ ሆኜ መተካት አልችልም፤ ነገሩን ግን ላብራራ። የምጠቅሳቸው ዓመቶች በሙሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ትንሽ ጽንስና ዕድገቱ የተገታ ጽንስ አንድ አይደሉም። 10ኛው ፐርሰንታይል ማለት ከመቶ ጽንሶች አሥሩ ከዚያ በታች የሚውሉበት መስመር ስለ ሆነ፣ እናትና አባቱ ትንንሽ ስለ ሆኑ ብቻ ከመስመሩ በታች የሆነ ጤነኛ ጽንስ ብዙ ነው። የተገታ የምንለው በተፈጥሮው ሊደርስበት ይችል ከነበረው መጠን የቀረውን ነው። በአንጻሩ 3500 ግራም ሊመዝን ይችል የነበረ ልጅ 2700 ሆኖ ቢወለድ ማንም ትንሽ አይለውም፤ ተገትቶ ሊሆን ግን ይችላል። ለዚህም ነው በ2016 የተለያዩ አገሮች ባለሙያዎች ተስማምተው ባወጡት መስፈርት፣ ከ3ኛው ፐርሰንታይል በታች የሆነ ጽንስ ያለ ተጨማሪ ማስረጃ የተገታ ሲባል፣ በ3ኛውና በ10ኛው መካከል ላለው ግን የደም ዝውውር ለውጥ ወይም ከነበረበት መስመር እየወረደ መሄዱ መታየት አለበት የተባለው። ከ32ኛው ሳምንት በፊት የሚታየውን ቀዳማይ፣ ከዚያ በኋላ የሚታየውን ዘግይቶ የመጣ ይሉታል። የእርስዎ ከሁለተኛው ወገን ይመስላል፤ ይህም በአብዛኛው የተሻለ ዜና ነው።

እዚህ ላይ ሳልጠይቅ የማላልፈው ነገር አለ። 33 ሳምንት የተባለው በምን ተቆጥሮ ነው? በመጨረሻው የወር አበባ ቀን ብቻ ከሆነና ቀኑ በትክክል የማይታወስ ከሆነ፣ ትንሽ የተባለው ጽንስ በዕድሜው ብቻ ያነሰ ሊሆን ይችላል። የዓለም ጤና ድርጅት ከ24ኛው ሳምንት በፊት አንድ አልትራሳውንድ እንዲነሣ የሚመክረው በአንድ በኩል ለዚህ ነው። የመጀመሪያዎቹን ወራት ውጤት ካስቀመጡት ይዘውት ይሂዱ።

የጭንቅላቱ ደህና መሆንና የሆዱ ማነስ ብዙ ይናገራል። በእርግዝናው የመጀመሪያ ወራት የእንግዴ ልጅ ሴሎች ወደ ማህፀን ግድግዳ ገብተው የእናቲቱን ጠመዝማዛ የደም ሥሮች ማስፋት አለባቸው። ይህ ሥራ በጅምር ሲቀር ሥሮቹ ጠባብ ሆነው ይቀራሉ፤ ወደ እንግዴ ልጁ የሚደርሰው ደምም ያንሳል። የእናት ደም ግፊት መጨመርም ብዙ ጊዜ ከዚሁ ሥር የሚበቅል ስለ ሆነ ሁለቱ አብረው መምጣታቸው አይደንቅም። ጽንሱ የሚደርሰው ኦክስጅንና ምግብ ሲያጥረው ደሙን ለአንጎሉና ለልቡ ያደላል፤ ከጉበት፣ ከአንጀትና ከኩላሊት ይቀንሳል። ጉበቱ የሚያከማቸው ስንቅ ስለሚሟጠጥ የሆድ ዙሪያው ቀድሞ ያንሳል፤ ኩላሊቱ ሽንት ስለሚቀንስ የሽርት ውሃውም ሊጎድል ይችላል። ዶፕለር የሚያየው ይህንን ነው፤ በእትብቱ የደም ሥር ውስጥ ያለውን መቋቋም፣ በአንጎሉ የደም ሥር ውስጥ ያለውን ፍሰት፣ የሁለቱንም ንጽጽር።

ስለ ጥፋት ላነሡት ጥያቄ መልሴ አጭር ነው። ችግሩ ከእንግዴ ልጅ የመጣ ከሆነ ጾሙ አላመጣውም፤ አሁን ምግብ በማብዛትም አይመለስም። ለጤናዎ ሲሉ ግን ደህና ይመገቡ፤ ጾሙን በተመለከተ የንስሐ አባትዎን ያነጋግሩ።

የእንግዴ ልጅን ሥራ የሚጠግን መድኃኒት እስካሁን የለም። ሲልደናፊል የተባለው መድኃኒት የደም ሥር ያሰፋል በሚል ተስፋ ተሞክሮ ነበር። በኔዘርላንድስ የተካሄደው ሙከራ መድኃኒቱን ከወሰዱ እናቶች በተወለዱ ሕፃናት ላይ የሳንባ የደም ሥር ችግርና ሞት በመታየቱ በ2018 እንዲቋረጥ ተደርጓል፤ በብሪታንያ የተካሄደውም ጥቅም አላሳየም። ስለዚህ ዝውውር የሚያሻሽል ኪኒን አለኝ የሚል ሰው ቢያጋጥምዎ አይቀበሉት። በእጃችን ያለው ዋና መሣሪያ የመውለጃውን ጊዜ መምረጥ ነው፤ ከማህፀን ቶሎ ማውጣት ያለ ጊዜው መወለድን ያስከትላል፣ መቆየት ደግሞ እጥረቱን ያራዝማል። በአውሮፓ በ26ኛውና በ32ኛው ሳምንት መካከል በነበሩ 503 እናቶች ላይ የተካሄደው ትራፍል የተባለ ጥናት ይህንን ሚዛን ፈትኖታል። በጽንሱ የልብ ምት ቀረጻ ብቻ ተመርተው ከተወለዱት ሕፃናት ውስጥ በሕይወት ካሉት በሁለት ዓመታቸው የነርቭ ጉዳት ያልታየባቸው 85 በመቶ ሲሆኑ፣ የእትብቱን ደም ጉበቱን አሳልፎ ወደ ጽንሱ ልብ በሚያደርሰው የደም ሥር ላይ ዘግይቶ የሚመጣው ለውጥ እስኪታይ ከተጠበቁት መካከል 95 በመቶ ነበሩ። በእርስዎ ሳምንት ላይ ሐኪሞችዎ የሚያስቡት ግን በአብዛኛው ስለ 37ኛው ሳምንት አካባቢ ይሆናል፤ ዶፕለሩ ወይም ደም ግፊትዎ ካላስገደደ በቀር።

አዋላጅ ነርስ (ደቡብ ወሎ)

ዶክተሩ የተናገሩት ሁሉ ትክክል ነው፤ ዶፕለር በሌለበት የምንሠራ ሰዎችም ስላለን ግን አንድ ነገር ልጨምር። በእኛ ጤና ጣቢያ ያለን መሣሪያ የልብስ ሰፊ ሜትር የሚመስል መለኪያ ነው። ከ24ኛው ሳምንት በኋላ ከብልት አጥንት አንሥቶ እስከ ማህፀኑ ጫፍ ያለው ርቀት በሴንቲ ሜትር ሲለካ ከሳምንቱ ቁጥር ጋር ተቀራራቢ መሆን አለበት። ልዩነቱ ከ3 ሴንቲ ሜትር ካለፈ ወይም በሁለት ክትትል መካከል ልኬቱ ካልጨመረ ወደ ሆስፒታል እንልካለን። አልትራሳውንድን አይተካም፤ ነገር ግን አንድ ሰው በየጊዜው በአንድ ዓይነት መንገድ ቢለካው ብዙ ያሳያል። ችግሩ እናቶች ለመለካት በቂ ጊዜ አለመምጣታቸው ነው። በ2019 በተካሄደው አገር አቀፍ የሥነ ሕዝብና ጤና ዳሰሳ አራትና ከዚያ በላይ ክትትል ያደረጉት 43 በመቶ ብቻ ነበሩ፤ ከባለሙያ ቢያንስ አንዴ የታዩት ግን 74 በመቶ ናቸው። አሁን የሚመከረው ስምንት ጊዜ ነው።

የአማትዎ አነጋገር እዚህም በየቀኑ የምሰማው ነው። ልጁ እንዳይፋፋና ምጡ እንዳይከብድ ተብሎ እናቲቱ በመጨረሻዎቹ ወራት እህል እንድትቀንስ የሚደረግበት አካባቢ አለ፤ ወተትና ሙዝ በልጁ ራስ ላይ ይለጠፋል ተብሎም ይከለከላል። ምጥን የሚያከብደው በአብዛኛው የዳሌው መጠንና የሕፃኑ አቀማመጥ ነው፤ ረሀብ ይህንን አያቃልለውም። የክንድ ዙሪያዋ ከ23 ሴንቲ ሜትር ያነሰች ነፍሰ ጡር እኛ ዘንድ በምግብ እጥረት የተጎዳች ተብላ የምትመዘገበው ለዚሁ ነው። በቆላው ደግሞ ወባ አለ፤ ተውሳኩ በእንግዴ ልጅ ውስጥ ተደብቆ እናቲቱን ሳያስተኛ ጽንሱን ያቀጭጫል። ደም ማነስና ጫት መቃምም ከክብደት ማነስ ጋር ይያያዛሉ።

ለጠያቂዋ፦ የጽንሱ እንቅስቃሴ ከለመዱት ከቀነሰ ቀጠሮዎን አይጠብቁ፤ በዚያው ሰዓት ይሂዱ። ራስ ምታት፣ የዓይን ብዥታ ወይም ከጎድን አጥንት ሥር ሕመም ከመጣም እንዲሁ።

አስተያየት ሰጪ (ባሕር ዳር)

ሐኪም አይደለሁም፤ የሥነ ሕዝብ መረጃ ባለሙያ ነኝ። ፐርሰንታይሉ የተሠራው በማን ልጆች ላይ ነው? ኢንተርግሮውዝ የተባለው ዓለም አቀፍ መለኪያ በስምንት አገሮች ተጠንቶ በ2014 ሲወጣ ከአፍሪካ የተካተተችው ናይሮቢ ብቻ ነበረች፤ በመስፈርቱም ከ1600 ሜትር በላይ የሚኖሩ እናቶች አይገቡም ነበር። አዲስ አበባ ከ2300 ሜትር በላይ ናት። በኮሎራዶ በተሠራ ጥናት በየ1000 ሜትሩ የልደት ክብደት በ100 ግራም ያህል ይቀንሳል። እንግዲህ የደጋውን ልጅ በቆላ ሚዛን እየመዘንን እናቶችን በከንቱ እያሸበርን ሊሆን አይችልም?

የማህፀንና ጽንስ ሐኪም (ሐዋሳ)

ጥያቄዎ ተገቢ ነው፤ በከፊልም እስማማለሁ። ለአገራችን ደጋማ ከተሞች የራሳችን መለኪያ ቢኖረን እጅግ ይጠቅመን ነበር። በአንድ ነጥብ ግን እለያለሁ። በከፍታ ላይ ክብደቱ የሚቀንሰው ሕፃኑ በጤናው ስላነሰ ብቻ አይደለም፤ ኦክስጅን በማነሱ ዕድገቱ በእርግጥም ስለሚገታ ጭምር ነው። በዚያው በኮሎራዶ በከፍታ በሚኖሩ እናቶች ላይ የእርግዝና ደም ግፊት በብዛት መታየቱም ይህንን ይደግፋል። መስመሩን ዝቅ ብናደርግ ጤነኞቹን ከጭንቀት እናድናለን፤ የታመሙትን ግን አብረን እንሸኛለን። ለዚህ ነው አንድ ቁጥር ላይ ከመከራከር ይልቅ በሁለት ልኬቶች መካከል ያለውን አካሄድና ዶፕለሩን የማምነው። በጠያቂዋ ላይ ደግሞ የደም ግፊቱ ስላለ ነገሩ የሠንጠረዥ ስሕተት ብቻ ነው ለማለት አልደፍርም።

የሕፃናት ሐኪም (ጎንደር)

ሦስተኛውን ጥያቄ እኔ ልውሰደው፤ ከሁሉም ረጅሙ እሱ ነውና።

በመጀመሪያዎቹ ቀናት የሚያሳስበን አእምሮው ሳይሆን ስኳሩና ሙቀቱ ነው። ጉበቱ ስንቅ ሳይዝ የተወለደ ሕፃን የደም ስኳሩ በፍጥነት ሊወርድ ይችላል፤ ከቆዳው በታች ስብ ስለሌለውም ይቀዘቅዛል። በማህፀን ኦክስጅን ስላጠረው ብዙ ቀይ የደም ሴል ያመርትና ደሙ ሊወፍር ይችላል። ስለዚህ እንደ ተወለደ ጡት እንዲይዝ፣ ስኳሩ እንዲለካ፣ በእናቱ ደረት ላይ ቆዳ ለቆዳ እንዲታቀፍ ይደረጋል። ሰዎች ሙቀት ክፍል ገባ ሲባል ይደነግጣሉ፤ ለብዙዎቹ ግን ከማሽኑ የእናት ደረት ይበልጣል። ይህ የካንጋሮ እንክብካቤ የሚባለው አስተቃቀፍ በ1978 በቦጎታ፣ ኮሎምቢያ የተጀመረ ሲሆን፣ በእኛም አገር ዶክተር ቦጋለ ወርቁ በአዲስ አበባ ክብደታቸው ባነሰ ጨቅላዎች ላይ ቀድመው ሞክረውት ውጤቱን በ2005 አሳትመዋል። በጋና፣ በሕንድ፣ በማላዊ፣ በናይጄሪያና በታንዛኒያ በተካሄደውና በ2021 በታተመው ትልቅ ሙከራ ከ1000 እስከ 1799 ግራም የሚመዝኑ ሕፃናት ወዲያው እንደ ተወለዱ ሲታቀፉ፣ በ28 ቀን ውስጥ የሚሞቱት ከ15.7 ወደ 12 በመቶ ወርደዋል።

ስለ አእምሮ ዕድገት የሚነገረው ግን በአብዛኛው ያለ ልክ ነው። በብዙ ልጆች ላይ የተደረጉ ጥናቶች ሲጠቃለሉ፣ ዕድገታቸው ተገትቶ የተወለዱ ልጆች በአማካይ በአእምሮ ፈተና ጥቂት ነጥቦች ያንሳሉ፤ በትኩረት፣ ሐሳብን በማደራጀትና በእንቅስቃሴ ቅልጥፍና ላይም ልዩነት ይታያል። አማካይ ግን አንድን ልጅ አይተነብይም። የበለጠ የሚወስነው ሌላ ነው። እገታው ገና በ26ኛው ሳምንት ጀምሮ ሕፃኑ ከ30ኛው ሳምንት በፊት ከተወለደ ሁለት ጉዳቶች ይደራረባሉ፤ በ37ኛው ሳምንት የተወለደው ከዚህ ይድናል። ጭንቅላቱ ያደገና ያላደገም እኩል አይደሉም። አንጎል ይጠበቃል የምንለውም ፍጹም መከላከያ አይደለም፤ ደሙ ወደ አንጎል ቢያደላም ያ አንጎል በእጥረት ውስጥ ነበር፤ ስለዚህ የጠያቂዋ ልጅ ጭንቅላቱ ደህና ነው መባሉ ያበረታታል እንጂ ክትትልን አያስቀርም።

ከአገራችን የምጠቅሰው የጅማውን ነው። ከ2008 እስከ 2012 በጅማ የተወለዱ ሕፃናት ክብደታቸው ብቻ ሳይሆን፣ በውስጡ የስቡና ከስብ ውጭ ያለው የጡንቻና የአካል ክፍሎች ድርሻ አየር በሚለካ መሣሪያ ተለይቶ ተመዝግቧል። ሕፃናቱ እስከ አምስት ዓመታቸው ሲታዩ ከተሻለ የዕድገት ደረጃ ጋር የተያያዘው በልደት ጊዜ የነበራቸው የስቡ ብዛት ሳይሆን ከስብ ውጭ ያለው ክብደት ነበር። ለእኔ ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ከተወለደ በኋላ ሕፃኑን በማወፈር በማህፀን የጎደለውን እንተካለን የሚለውን ሐሳብ ያናጋልና።

ሊተካ የሚችለው ሌላ ነው። በኪንግስተን፣ ጃማይካ ጊዜያቸው ደርሶ ነገር ግን ከ2500 ግራም በታች ሆነው ለተወለዱ ሕፃናት የጤና ሠራተኞች በመጀመሪያዎቹ ስምንት ሳምንታት፣ ከዚያም ከ7ኛው እስከ 24ኛው ወር በየሳምንቱ ቤታቸው እየሄዱ እናቶቹን ከልጆቻቸው ጋር ማውራትንና በቤት በተሠሩ መጫወቻዎች ማጫወትን ያስተምሩ ነበር። በ2004 በታተመው ውጤት መሠረት እነዚህ ልጆች ያልተጎበኙትን በልጠው ተገኙ፤ በስድስት ዓመታቸውም ጥቅሙ በከፊል አልጠፋም። ወርቅ የሚያስወጣ ነገር የለበትም፤ እሹሩሩ ማለት፣ ፊትን ሸፍኖ ኩኩሉ መጫወት፣ ስሙን እየጠሩ ማናገር፣ የተቦረሸ ጣሳና ክዳን መስጠት ነው።

እናት (ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ)

እኅቴ፣ የእኔ ልጅ በ37ኛው ሳምንት ምጤ በመድኃኒት ተጀምሮ 2100 ግራም ሆና ነው የተወለደችው። እዚህ አሜሪካ ያላችሁ ወላጆች እንድታውቁት የምፈልገው አንድ ነገር አለ። ከሦስት ዓመት በታች ያለ ልጅ ዕድገቱ ካሳሰባችሁ፣ የፌዴራሉ ሕግ ነጻ ምርመራ እንዲደረግለት ያዝዛል፤ ወላጅ ራሱ ደውሎ መጠየቅ ይችላል፤ የሐኪም ደብዳቤ አያስፈልግም። በሜሪላንድ በየካውንቲው የሚሠራ የጨቅላና ታዳጊ ሕፃናት ፕሮግራም አለ። የእኔ ልጅ መቀመጥ ዘግይታ ስለ ነበር የእንቅስቃሴ ባለሙያ ቤታችን እየመጣች አሠልጥናታለች፤ አስተርጓሚም ጠይቀን አግኝተናል። ብዙ ወገኖቻችን ልጄ ሰነፍ ተብሎ ስሙ ይመዘገባል ብለው ይሸሹታል። የልጁ መረጃ በሕግ የሚጠበቅ ስለ ሆነ ይህ ስጋት ከአገልግሎቱ ሊያግዳችሁ አይገባም።

የበኩር እናት (አዲስ አበባ)

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። የመጀመሪያው አልትራሳውንድ በ11ኛው ሳምንት የተነሣሁት ስለ ሆነ ሳምንቱ ትክክል ነው። ዶፕለሩም ተሠርቷል፤ በእትብቱ ውስጥ ያለው መቋቋም ከፍ ብሏል፣ ፍሰቱ ግን አልተቋረጠም ተባልኩ። ሐኪሜ ደም ግፊቴ ካልጨመረ እስከ 37ኛው ሳምንት መጠበቅን መርጠዋል። አማቴ አሁን ሐሳባቸውን ለውጠው ሕፃኑ ሲወለድ ቅቤ እንደሚያውጡትና ቶሎ እንዲወፍር ከእናት ጡት ሌላ የቆርቆሮ ወተት እንድንጨምርለት ይፈልጋሉ። ክፉ አስበው አይደለም፤ እንዴት ብዬ ልመልስላቸው?

ጡረታ የወጣች ነርስ (ደሴ)

ልጄ፣ አማትሽን ፊት ለፊት አትቃወሚ፤ ሥራ ስጫቸው። ቅቤ ማዋጥ እኛም የለመድነው ነው፤ አሁን ግን ለጨቅላ አንጀት፣ በተለይም በማህፀን ደም ላጠረው አንጀት፣ አደገኛ መሆኑን እናውቃለን። መጀመሪያ የሚወጣውን ቢጫ እንገር ጨምቀሽ እንዳትጥዪው፤ ለእንዲህ ያለ ልጅ ቅቤው እሱ ነው። አማትሽን ደግሞ አንቺ ስትታጠቢና ስታርፊ ሕፃኑን በደረታቸው ላይ አድርገው በነጠላ እንዲያቅፉልሽ ለምኛቸው። ካንጋሮው በእናት ብቻ አይወሰንም፤ አያትም አባትም ይችላሉ። ገንፎውንና አጥሚቱን ላንቺ ይሥሩልሽ፤ ልጁን የምታጠግቢው አንቺ ነሽና። ትንንሽ ልጆች እንቅልፍ ያበዛሉ፤ ጡት ሳይጠባ ከሦስት ሰዓት በላይ እንዳይተኛ ቀስቅሺው።

የሕፃናት ሐኪም (ጎንደር)

እማማ የተናገሩት ልክ ነው፤ የቆርቆሮ ወተቱን ነገር ልጨምርበት። በእንግሊዝ ሄርትፎርድሺር ከ1911 እስከ 1930 የተወለዱ ሕፃናት የልደት ክብደትና በአንድ ዓመታቸው የነበራቸው ክብደት በአዋላጆችና በጤና ጎብኚዎች መዝገብ ሰፍሮ ይቀመጥ ነበር። ዴቪድ ባርከር ያንን መዝገብ ከዘመናት በኋላ ከሰዎቹ የሞት ምክንያት ጋር አገናዝበው በ1989 ባሳተሙት ጽሑፍ፣ ክብደታቸው ያነሱት በልብ ሕመም ይበልጥ እንደ ሞቱ አሳዩ። በኔዘርላንድስ በ1944ና በ1945 ክረምት በነበረው ረሀብም፣ በእርግዝናቸው መጨረሻ የተራቡ እናቶች ትንንሽ ሕፃናት ሲወልዱ፣ በመጀመሪያዎቹ ወራት የተራቡት ግን ደህና ክብደት ያላቸውን ወልደው ልጆቹ በጉልምስናቸው በልብ ሕመም ተጠቁ። የጽንሱ አካል በእጥረት ዘመን ለእጥረት ይዘጋጃል፤ ኋላ ሲትረፈረፍበት ይቸገራል። ተገትተው ለተወለዱ ሕፃናት የበለጸገ የዱቄት ወተት የተሰጠበት የብሪታንያ ሙከራም ልጆቹ ከስድስት እስከ ስምንት ዓመት ሲሆናቸው የደም ግፊታቸው ትንሽ ከፍ ብሎ አግኝቷል። ስለዚህ ጡት በበቂ ከጠባና በየጊዜው ከጨመረ የቆርቆሮ ወተት አያስፈልገውም። ክብደቱ ካልጨመረ ግን በራሳችሁ ፈቃድ ሳይሆን በሐኪም ምክር ይታያል።

ተገትተው ከተወለዱ 10 ልጆች ዘጠኙ ያህል እስከ ሁለት ዓመት ድረስ ቁመታቸው የእኩዮቻቸውን ይደርሳል። የማይደርሰው በሁለትና በአራት ዓመቱ መካከል በሕፃናት ሆርሞን ሐኪም ሊታይ ይገባዋል።

የጤና ኤክስቴንሽን ሱፐርቫይዘር (ሲዳማ)

ይህ ሁሉ ምክር በተግባር የሚበጠሰው የት እንደ ሆነ ልናገር። እናቲቱ በእርግዝናዋ በሳምንት ሁለት ጊዜ ትታያለች፤ ከወለደች በኋላ ግን ጽንሱ ተገትቶ የነበረ መሆኑ በአራስ ካርዱ ላይ አይጻፍም፤ ስለዚህ ሕፃኑ ወደ ቀበሌው ሲመለስ ማንም አያውቀውም። ከሆስፒታል ስትወጡ የልደት ክብደቱ፣ የተወለደበት ሳምንትና «በማህፀን ዕድገቱ ተገትቶ ነበር» የሚለው ቃል በክትባት ካርዱ ላይ እንዲጻፍ አጥብቃችሁ ጠይቁ። የክትባት ቀኖቹ በ6ኛው፣ በ10ኛውና በ14ኛው ሳምንት፣ ከዚያም በ9ኛውና በ15ኛው ወር ስለሆኑ ለብቻው ሌላ ቀጠሮ ሳያስፈልግ በእነዚያ ቀኖች ማየት ይቻላል። ክብደቱ በየጊዜው ይለካል፤ የጭንቅላት ዙሪያው ግን ካልጠየቃችሁ በስተቀር አብዛኛውን ጊዜ አይለካም።

የበኩር እናት (አዲስ አበባ)

ይህንን አላውቅም ነበር፤ እንዲጻፍልኝ እጠይቃለሁ። የጭንቅላት ዙሪያውን በቤት መለካት ይቻላል ወይ? በ37ኛው ሳምንት ከተወለደስ ዕድሜውን እንዴት ልቁጠር?

የሕፃናት ሐኪም (ጎንደር)

ይቻላል። የማይለጠጥ ሜትር ከቅንድቡ ከፍ ብሎ፣ ከጆሮዎቹ በላይ፣ ከኋላ ይበልጥ ወደ ውጭ በወጣው የራስ ቅል ክፍል ላይ ያልፋል፤ ሁለት ጊዜ ለክተው ትልቁን ቁጥር በካርዱ ላይ ይጻፉ፤ ሁልጊዜም በዚያው ሜትር ይለኩ። በወር አንድ ጊዜ ይበቃል፤ ከዚያ በላይ መለካት ጭንቀት እንጂ መረጃ አይጨምርም። በሁለት ተከታታይ ወራት ምንም ካልጨመረ፣ ወይም በድንገት እጅግ ከጨመረ ይዘውት ይምጡ።

በ37ኛው ሳምንት የተወለደ ጊዜው እንደ ደረሰ ስለሚቆጠር ዕድሜውን ማስተካከል አያስፈልግም። ከ37 በፊት ቢወለድ ግን እስከ ሁለት ዓመቱ ድረስ ከዕድሜው ላይ ለ40 ሳምንት የጎደለውን ቀንሰው ይቁጠሩ። ጤነኛ ልጆች ሳይደገፉ የሚቀመጡት ከአራት ወር እስከ ዘጠኝ ወር ባለው ጊዜ፣ ብቻቸውን የሚሄዱት ደግሞ ከስምንት ወር እስከ 17 ወር ተኩል ገደማ ባለው ሰፊ ጊዜ ውስጥ ስለ ሆነ፣ ከጎረቤት ልጅ ጋር አያወዳድሩት። በሁለት ወሩ ፊት ካላየና ፈገግ ካላለ፣ በአራት ወሩ አንገቱን ካልያዘ፣ አንዱን እጁን ብቻ የሚጠቀም ከሆነ ወይም እግሮቹ የሚገተሩ ከሆነ ግን የክትባቱን ቀን ሳይጠብቁ ያስመርምሩት።

የማህፀንና ጽንስ ሐኪም (ሐዋሳ)

ለሁለተኛ እርግዝናዎ አንድ ነገር ልጨምር፤ ብዙ እናቶች ዘግይተው ስለሚጠይቁን ነው። ደም ግፊትና የጽንስ እገታ አብረው የመጡባት እናት ሲደገም ከ16ኛው ሳምንት በፊት በዝቅተኛ መጠን አስፕሪን እንድትጀምር ይታሰባል። በ2017 የታተመው አስፕሬ የተባለ ሙከራ ከ11ኛው እስከ 14ኛው ሳምንት ባለው ጊዜ ውስጥ ጀምረው በየሌሊቱ 150 ሚሊ ግራም ለወሰዱ ተጋላጭ እናቶች፣ ከ37ኛው ሳምንት በፊት የሚያስወልደውን የደም ግፊት ሕመም በ62 በመቶ ቀንሶላቸዋል። አሁን በ33ኛው ሳምንት ላይ ቢጀምሩት አይጠቅምዎትም፤ ያለ ሐኪም ትእዛዝም አይውሰዱት። በሚቀጥለው ግን የወር አበባዎ እንደ ቀረ ለክትትል ይምጡና የዚህኛውን እርግዝና ካርድ ለሐኪሙ ያሳዩ።